ሰላምና ጸጥታ አንድ ናቸውን?

ስለ አንድ የዕለት ቃል ዘመዶችና ተቃራኒዎች

በአገራችን ልማድ ሁለት ሰዎች በመንገድ ሲገናኙ ወደ ጉዳያቸው ከመግባታቸው አስቀድሞ ስለ ደኅንነት ይጠያየቃሉ። አንዱ «ደኅና ነህ?» ይላል፤ ሁለተኛው «ሰላም ነው?» ይላል፤ ሌላው «አገሩ አማን ነው?» ብሎ ይጠይቃል፤ ሽማግሌውም «ጤና ይስጥልኝ» ብሎ ያልፋል። እነዚህ አራት ቃላት ከማለዳ እስከ ማታ ከአፋችን የማይለዩ ስለ ሆኑ ሁሉም አንድ ነገር የሚናገሩ ይመስለናል። ቀረብ ብሎ ለመረመራቸው ሰው ግን እንደ አንድ ቤት ልጆች ናቸው፤ መልካቸው ይመሳሰላል እንጂ አንዱን በሌላው ስም ቢጠሩት አቤት አይልም።

ይህ ነገር በተለይ የሚታወቀን ልጆቻችን እንግሊዝኛ ሲማሩ ነው። መምህሩ ሰላም ማለት የሆነውን «ፒስ» የሚባለውን ቃል በሰሌዳው ላይ ይጽፍና ተመሳሳዩንና ተቃራኒውን አምጡ ይላል። ልጁም ኳየት፣ ካልም፣ ሴፍቲ፣ ሴኩሪቲ፣ ሃርመኒ እያለ ዝርዝሩን ይሸመድዳል። ከዚያም አንዱን በሌላው ስፍራ እያስገባ ይጽፋል፤ ስሕተትም ይቆጠርበታል። ለምን እንደ ተሳሳተ ግን አይገባውም፤ በዝርዝሩ ላይ ሁሉንም ጎን ለጎን ተጽፈው አይቷቸዋልና።

ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ የዚህን አንድ ቃል ዘመዶችና ተቃራኒዎች በአማርኛም በእንግሊዝኛም እንመለከታለን። ሐሳባችንም እንግሊዝኛ የማያውቁ አባትና እናት እንኳ ልጃቸውን በዚህ ትምህርት ሊረዱት እንደሚችሉ ለማስረዳት ነው።

የከተሞቹ ስም በጆሮ ሲሰማ

ከአዲስ አበባ ወደ ደቡብ ምዕራብ 560 ኪሎ ሜትር ያህል የተጓዘ ሰው፣ ቡናና ኮረሪማ በደን ጥላ ሥር በሚበቅልበት አገር፣ ሚዛን ተፈሪንና አማንን ያገኛል። ሁለቱ ከተሞች ተጣምረው ሚዛን አማን የሚል አንድ ስም ይዘዋል፤ በ2014 ዓ/ም የተቋቋመው የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልልም ከመቀመጫ ከተሞቹ አንዷ አድርጓታል። የስሞቹን ታሪክ መተረክ የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ አይደለም። ነገር ግን አማርኛ የሚያውቅ ጆሮ እነዚህን ስሞች በሰማ ጊዜ ሦስት የታወቁ ቃላት ይሰማል፤ ሚዛን የሚመዘንበት ነው፤ ተፈሪ የሚፈራ ነው፤ አማን ደግሞ ፍርሃት የሌለበት ነው። ፍርሃትና አማን ተቃራኒዎች ሲሆኑ እንደ ጎረቤት ተቀምጠው፣ ሚዛንም በፊታቸው ቆሞ ይታሰበናል። ለቃላት ተማሪ ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አይገኝም።

በዚያ አገር የሚያድግ ልጅ ብዙ ቋንቋ እየሰማ ያድጋል። የቤንች፣ የሸኮ፣ የከፋ፣ የሸካ፣ የሜኢኒትና የመዠንግር ሕዝቦች እያንዳንዳቸው የራሳቸው አንደበት አላቸው። ልጁ በቤቱ ከእነዚህ አንዱን ይናገራል፤ በገበያ አማርኛ ይሰማል፤ በትምህርት ቤትም እንግሊዝኛ ይጨመርለታል። የቤንችን ቋንቋ ያጠኑ ሊቃውንት እንደሚገልጹት፣ በዚህ ቋንቋ አምስት የድምፅ ደረጃዎችና አንድ ከታች ወደ ላይ የሚወጣ ድምፅ ይገኛሉ፤ ፊደሉ አንድ ሆኖ ሳለ የድምፁ ከፍታና ዝቅታ ብቻ የቃሉን ትርጓሜ ይለውጠዋል። እንግዲህ ጥቂት ልዩነት ትልቅ ትርጓሜ እንደሚያመጣ የቤንች ልጅ ፊደል ሳይቆጥር ከእናቱ ጉልበት ላይ ሆኖ ተምሮታል ማለት ነው።

በ1986 ዓ/ም የወጣው የትምህርት ፖሊሲ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንዲሰጥ፣ እንግሊዝኛም ከ1ኛ ክፍል ጀምሮ እንደ አንድ ትምህርት እንዲጠና ደነገገ። ልጁ ወደ ሁለተኛ ደረጃ ሲደርስ ግን ሒሳቡም፣ ኬሚስትሪውም፣ ታሪኩም በእንግሊዝኛ ይሆናል፤ የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተናም የሚቀርበው በዚሁ ቋንቋ ነው። የ2014 ዓ/ምን ፈተና ከወሰዱት ተማሪዎች ግማሽና ከዚያ በላይ ውጤት ያገኙት ከመቶ 3.3 ብቻ ነበሩ። የዚህ ምክንያት ብዙ ነው፤ ቋንቋ ብቻ አይደለም። ቢሆንም ጥያቄውን በትክክል ያላነበበ ልጅ መልሱን ቢያውቅ እንኳ እንደማይጠቅመው የታወቀ ነው። ስለዚህ ቃልን ከቃል መለየት የቅንጦት ትምህርት ሳይሆን የልጁን ዕድል የሚወስን ነገር ነው።

አንድ ቃል፣ ሁለት ተቃራኒ

አማን የሚለውን ቃል እንመልከት። በግእዝ አማን ማለት እውነት ማለት ነው፤ «በአማን» ሲባልም በእውነት ማለት ነው። አመነ፣ ታመነ፣ እምነት፣ ምእመን፣ ሃይማኖት፣ አሜን፣ እነዚህ ሁሉ ከአንድ ሥር የበቀሉ ናቸው፤ የሥሩም ጠባይ መጽናትና አለመናወጥ ነው። በአማርኛ ግን አማን ማለት ሰላምና ደኅንነት ማለት ሆኗል። «አገር አማን ብሎ ተኛ» ሲባል ስጋት የለብኝም ብሎ ተኛ ማለት ነው። የዓረብም ቋንቋ ይህንኑ ቃል በደኅንነት ትርጓሜ ይጠቀምበታል።

አሁን የዚህን ቃል ተቃራኒ ብንፈልግ ምን እናገኛለን? የግእዙ አማን ተቃራኒ ሐሰት ነው፤ የአማርኛው አማን ተቃራኒ ግን ሽብርና ስጋት ነው። ድምፁ አንድ ሲሆን ተቃራኒው ሁለት ሆነ። ከዚህም አንድ ታላቅ ምክር እናገኛለን፤ ይኸውም የአንድን ቃል ትርጓሜ ለማወቅ ስትፈልግ በዚያ ስፍራ ተቃራኒው ማን እንደ ሆነ ጠይቅ የሚል ነው። ተመሳሳዮች ሊያሳስቱ ይችላሉ፤ ተቃራኒው ግን ቃሉ የቆመበትን ስፍራ ለይቶ ያሳያል።

ይህን ምክር «ደኅና» በሚለው ቃል ብንፈትነው ጥቅሙ ይገለጣል። «ልጁ ደኅና ነው» ስንል ተቃራኒው ታሟል ነው፤ እንግሊዛዊውም በዚህ ስፍራ ፋይን ወይም ዌል ይላል። «መንገደኛው ደኅና ገባ» ስንል ተቃራኒው አደጋ ደረሰበት ነው፤ በእንግሊዝኛም ሴፍ ይሆናል። «ደኅና ልብስ ለብሷል» ስንል ግን ተቃራኒው ያረጀ ወይም የማይረባ ነው፤ በእንግሊዝኛም ጉድ ይባላል። አንዱ ደኅና ሦስት ሆኖ ተገኘ። ተቃራኒውን ያልጠየቀ ልጅ የመንገደኛውን ቃል ለልብሱ፣ የልብሱንም ቃል ለበሽተኛው ይሰጣል።

ደግሞም ይህ ቃል ከየት እንደ መጣ ማወቅ መልካም ነው። ደኅና የተገኘው ከግእዙ «ድኅነ» ነው፤ ድኅነትና መድኃኒት፣ መድኃኔ ዓለም የሚለውም ስም ዘመዶቹ ናቸው። በእንግሊዝኛም ሴፍ የሚለው የዕለት ቃልና መድኃኒት ማለት የሆነው ሴቪየር የሚለው ቃል ከአንድ የላቲን ሥር የወጡ ናቸው። ሁለት የተራራቁ ቋንቋዎች፣ ሰው ከመንገድ በጤና መግባቱንና ነፍስ መዳኗን ከአንድ ሥር በወጣ ቃል መናገራቸው የሚያስደንቅ ነው። ልጁ ይህን አንድ ጊዜ ከተረዳው ሴፍ የሚለውን ቃል ዳግመኛ አይረሳውም።

ጸጥታና ሰላም

ወደ ዋናው ጥያቄ እንመለስ። ሰላምና ጸጥታ አንድ ናቸውን? በብዙ ስፍራ አብረው ስለሚጠሩ አንድ ይመስላሉ። ነገር ግን ጸጥታ በአማርኛችን ሁለት ሥራ አለው። «ሌሊቱ ጸጥ ያለ ነው» ስንል ተቃራኒው ጫጫታ ነው፤ እንግሊዝኛው ኳየት ነው። «ጸጥታ አስከባሪ» ስንል ግን ተቃራኒው አደጋና ሥርዓት ማጣት ነው፤ እንግሊዝኛው ሴኩሪቲ ነው። የተባበሩት መንግሥታትን የጸጥታ ምክር ቤት በኳየት የተረጐመ ተማሪ፣ ዝም ብለው የሚቀመጡ ሰዎች ጉባኤ አደረገው ማለት ነው።

የዚህ ልዩነት ክብደት በአገራችን ታሪክ ውስጥ ታይቷል። ኢጣሊያ ኢትዮጵያን በወረረች ጊዜ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ/ም በጄኔቭ በመንግሥታት ማኅበር ፊት ቆመው፣ ማኅበሩ በጋራ ለመጠባበቅ የገባውን ቃል እንዲፈጽም ጠየቁ። የጠየቁት ሴኩሪቲ የሚባለውን ጸጥታ ነበር። ማኅበሩ ግን በኢጣሊያ ላይ ጥሎት የነበረውን የንግድ ማዕቀብ ወዲያው አነሣ። የተጠየቀው ጥበቃ ሲሆን የተሰጠው ዝምታ ሆነ።

ሰላም ደግሞ ከሁለቱም ጸጥታዎች ይበልጣል። በዕብራይስጥ ሻሎም፣ በዓረብ ሰላም የሚባለው የዚህ ቃል ዘመድ፣ ጉድለት የሌለበትን ሙሉነት ያመለክታል። የእንግሊዝኛው ፒስ በበኩሉ ፓክስ ከሚባለው የላቲን ቃል የመጣ ነው፤ ውል ማለት የሆነው ፓክት የሚለው ቃልም ከዚሁ ዘር ነው። በሮማውያን አስተሳሰብ እንግዲህ ሰላም ማለት ሁለት ወገኖች ተነጋግረው የሚያስሩት ውል ነበር። የእኛም «ተስማማ» የሚለው ቃል «ሰማ» ከሚለው ጋር ዘመድ ነው፤ የተስማሙ ሰዎች አስቀድመው የተደማመጡ ሰዎች ናቸውና።

ይህን በቤታችን ውስጥ እንየው። ባልና ሚስት ተጣልተው ሳይነጋገሩ ሦስት ቀን ሰንብተዋል እንበል። በቤቱ ውስጥ ድምፅ የለም፤ ሳሕን አይጋጭም፤ በር አይወረወርም። በመንገድ የሚያልፍ ጎረቤት «ምን ያለ ጸጥተኛ ቤት ነው» ይል ይሆናል። ነገር ግን ይህ ኩርፊያ ነው እንጂ ሰላም አይደለም፤ ልጆቹም ከማንም በፊት ይህን ያውቃሉ። በሌላው ቤት ደግሞ ሕፃናት ይሯሯጣሉ፤ ቡና ይወቀጣል፤ አባት ይሥቃል፤ አያት ትቆጣለች። ይህ ቤት ጸጥታ የለውም፤ ሰላም ግን አለው። እንግዲህ የጸጥታ ተቃራኒ ጫጫታ ከሆነ፣ በቤት ውስጥ የሰላም ተቃራኒ ጫጫታ ሳይሆን መለያየት ነው።

በአገርም ቢሆን እንዲሁ ነው። በጥቅምት ወር 2013 ዓ/ም በዚያው በቤንች ሸኮ ዞን፣ በጉራ ፈርዳ ወረዳ በደረሰው ጥቃት ብዙ ሰዎች ተገደሉ፤ ብዙዎችም ቤታቸውንና ማሳቸውን ጥለው ተሰደዱ። ሰዎቹ የሸሹበት መንደር ጸጥ ያለ ነው፤ ዶሮ እንኳ አይጮኽበትም። ይህን ጸጥታ ሰላም ብሎ የሚጽፍ ሰው ቃል ብቻ አልተሳሳተም፤ በሙታንና በስደተኞች ላይ የሐሰት ምስክር ሆኗል። ቃልን ለይቶ ማወቅ የፈተና ነጥብ ብቻ እንዳይደለ ከዚህ ይታወቃል።

የቃላት ጎተራ

ቃላትን ከነዘመዶቻቸው መሰብሰብ የቆየ ሥራ ነው። በእንግሊዞች ዘንድ የታወቀው መጽሐፍ ሐኪም የነበረው ፒተር ማርክ ሮጄ እ.ኤ.አ. በ1852 ያሳተመው ነው። ሮጄ በዚያን ጊዜ ከ70 ዓመት በላይ ሆኖት ነበር። ቃላቱን በፊደል ተራ ሳይሆን በሐሳባቸው ዘር ሰበሰባቸው፤ ተቃራኒ የሆኑትንም ሐሳቦች ፊት ለፊት በሁለት ዓምድ አስቀመጣቸው። መጽሐፉንም ቴሳውረስ አለው፤ በግሪክ ቋንቋ የሀብት ማከማቻ ማለት ነው። ተቃራኒ ቃል ማለት የሆነውን «አንቶኒም» የሚለውን ስም ደግሞ ቻርልስ ስሚዝ የሚባል ጸሐፊ እ.ኤ.አ. በ1867 በመጽሐፉ አስገባው።

የእኛም አባቶች በዚህ ወደ ኋላ አልቀሩም። መዝገብ የሚለው የግእዝ ቃል ራሱ የሀብት ማከማቻ ማለት ስለ ሆነ፣ መዝገበ ቃላት ያልነው ከግሪኩ ቃል ጋር በአንድ ሐሳብ ተገናኝቷል። ሊቃውንት የግእዝን ቃላት ከአማርኛ ፍቺያቸው ጋር ያዘጋጁበትን መጽሐፍ ሰዋስው ይሉታል፤ መሰላል ማለት ነው። አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ ዕድሜያቸውን የሰጡለት ታላቁ የግእዝ መዝገበ ቃላት፣ እርሳቸው ካረፉ በኋላ በደቀ መዝሙራቸው በአለቃ ደስታ ተክለ ወልድ እጅ ተፈጽሞ በ1948 ዓ/ም ታተመ። አለቃ ደስታም የራሳቸውን የአማርኛ መዝገበ ቃላት በ1962 ዓ/ም አሳተሙ። እነዚህ መጻሕፍት በቤታቸው ያሉ ሰዎች የወርቅ ጎተራ አላቸው።

ተቃራኒም ዓይነት አለው

ወላጆች ልጆቻቸውን ሲያስጠኑ ተቃራኒ ሁሉ አንድ ዓይነት እንዳልሆነ ቢያውቁ ይጠቅማቸዋል።

አንደኛው፣ መካከል የሌለው ተቃራኒ ነው። ሕያውና ሙት እንዲህ ናቸው፤ አንዱ ካልሆነ ሌላው ነው።

ሁለተኛው፣ በመካከሉ ደረጃ ያለው ነው። ሙቅና ቀዝቃዛ ተቃራኒዎች ሲሆኑ በመካከላቸው ለብ ያለ አለ። ሰላምና ጦርነትም እንዲሁ ናቸው፤ በመካከላቸው ስጋት፣ ኩርፊያ፣ ተኩስ ማቆምና ድርድር አሉ። «ጦርነት የለም» ማለት «ሰላም አለ» ማለት እንዳይደለ ልጁ ከዚህ ይረዳል።

ሦስተኛው፣ አንዱ ያለ ሌላው የማይቆም ነው። በሚዛን ገበያ ቡና የሚሸጥ ሰው የሚገዛው ሰው ከሌለ ሻጭ አይባልም። አበዳሪና ተበዳሪም እንዲሁ ናቸው። አማርኛ ይህን በአንድ ፊደል ይለውጠዋል፤ አበደረ፣ ተበደረ። እንግሊዝኛ ግን ሌንድና ቦሮ የሚሉ ሁለት የማይመሳሰሉ ቃላት ስላሉት ልጆቻችን ዘወትር ያምታቷቸዋል።

ደግሞም እንግሊዝኛ በቃሉ መነሻ ላይ አን፣ ኢን ወይም ዲስ እየጨመረ ተቃራኒ ያወጣል፤ ሴፍ የነበረው አንሴፍ፣ ሴኪዩር የነበረው ኢንሴኪዩር ይሆናል። እኛም ከግእዝ በወረስነው «ኢ» ኢአማኒ፣ ኢሰብአዊ እንላለን። ነገር ግን ይህ መንገድ ለሁሉም አያገለግልም፤ ፒስ የሚለው ቃል ተቃራኒውን ዋር ከሌላ ዘር አመጣ እንጂ በመጨመሪያ አልሠራውም።

በጆሮ አንድ ከሚሆኑትም መጠንቀቅ ያስፈልጋል። ሰላም ማለት የሆነው ፒስና ቁራጭ ማለት የሆነው ፒስ በድምፅ አንድ፣ በጽሕፈት ሁለት ናቸው። ጸጥታ ማለት የሆነው ኳየትና እጅግ ማለት የሆነው ኳይትም በጽሕፈት ስለሚቀራረቡ ብዙ ተማሪ ያሳስታሉ። ግእዝ የተማረ ሰው በዚህ አይደነቅም፤ በንጉሡ ሠ የሚጻፈው ሠረቀ ወጣ፣ አበራ ማለት ሲሆን በእሳቱ ሰ የሚጻፈው ሰረቀ ሌባው የሚያደርገው መሆኑን ያውቃልና።

በቤት ምን ይደረግ?

እንግሊዝኛ የማያውቁ ወላጆች «እኛ ምን ልንረዳው እንችላለን?» ይሉ ይሆናል። ልጁ የሚቸገረው ግን ብዙውን ጊዜ የእንግሊዝኛው ቃል ጠፍቶት ሳይሆን ነገሩን በራሱ ቋንቋ ስላለየው ነው። ይህን መለየት ደግሞ ከመምህሩ ይልቅ አያቱ ታውቀዋለች። ርጋታን ከዝምታ፣ ዕረፍትን ከስንፍና፣ ትዕግሥትን ከፍርሃት ለይታ የምትናገር አሮጊት በቤት ካለች፣ ያ ቤት ቴሳውረስ አለው።

ስለዚህ በሳምንት አንድ ቃል ብቻ ይበቃል። ልጁ ደብተሩን በሦስት ዓምድ ከፍሎ፣ በመጀመሪያው የቤቱን ቋንቋ፣ ቤንችኛም ይሁን ሌላ፣ በሁለተኛው አማርኛውን፣ በሦስተኛው እንግሊዝኛውን ይጻፍ። ማታ እሳት ዳር ሲቀመጡ እናት ወይም አባት ሦስት ነገር ይጠይቁት፤ ይህ ቃል የሚነገረው የት ነው? ተቃራኒው ምንድር ነው? በመካከላቸውስ ምን አለ? መልሱን ከቤት፣ ከገበያ፣ ከማሳ እየጠቀሰ ይመልስ። ሃያ ቃል ሸምድዶ ከሚረሳ፣ አንድ ቃል ከነተቃራኒው ቢያውቅ ይሻለዋል።

የቤቱን ቋንቋ እንዳይንቅም አስጠንቅቁት። የእናቱን ቃል የጣለ ልጅ እንግሊዝኛውን የሚያስርበት ምሰሶ ያጣል።

እንግዲህ ለተነሣው ጥያቄ መልሱ ይህ ነው። ሰላምና ጸጥታ ጎረቤቶች ናቸው እንጂ አንድ አይደሉም። ጸጥታን ዘበኛ ሊያስከብረው ይችላል፤ ሰላም ግን የተጣሉት ተደማምጠው ካልታረቁ አይመጣም። ልጆቻችን ይህን ልዩነት በሦስት ቋንቋ መናገር ቢችሉ በፈተናው ይረዳቸዋል፤ አድገው ቤት ሲሠሩና አገር ሲረከቡም ዝም ያለውን ሁሉ አማን ነው ብለው አይታለሉም።